ታኅሣሥ 22 ቀን 1972 ዓ.ም. ሴቭ የተደረገ ጌም

በ2016 ዓ.ም. ሐምሌ ወር፣ የመሥሪያ ቤታችን የበጀት ዓመት መዝጊያ ቆጠራ አልቆ የመጨረሻውን ቅጽ በፈረምኩ ማግስት፣ የእህቴ ልጅ በሁለት መዳፍ የምትያዝ አንዲት የጌም መጫወቻ ይዞ ቤቴ መጣ። ቅዳሜ ነበር፤ ጅማ በሐምሌ እንደምትሆነው ሁሉ፣ ከቀትር በኋላ የሚወርደው ዝናብ በጅሬን ኮረብታ ላይ ጠቁሮ ተጭኖ ነበር። ልጁ ጫማውን በር ላይ አውልቆ፣ በርጩማዋን ወደ እኔ ሳብ አድርጎ ተቀመጠና «አጎቴ፣ ሥራህ ዕቃ ማደራጀት ነው አይደል? ይቺን አስተካክልልኝ» አለኝ። ገና 11 ዓመቱ ነው። የእኔን ሥራ ከእርሱ ባጠረ ቃል የገለጸልኝ ሰው የለም፤ ላለፉት 14 ዓመታት በአንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ንብረት ክፍል ስሠራ የኖርኩት በእርግጥም ዕቃ ሳደራጅ ነው።

መጫወቻዋን ከዱባይ ያመጣችለት ታናሽ እህቴ ናት። ስክሪኗ 3.5 ኢንች ነው፤ ሁለት የሚሞሪ ካርድ ማስገቢያ አላት፤ በአንዱ የማሽኑ ሲስተም፣ በሌላው ጌሞቹ ይቀመጣሉ። ጌሞቹን የሚያጫውተው ኢሙሌተር የሚባለው ፕሮግራም ነው፤ ይኸውም የድሮ ማሽን አሠራርን አስመስሎ በሌላ ማሽን ላይ የሚያስኬድ ነው። እ.ኤ.አ. በ1989 የወጣው ጌምቦይ፣ በ1994 በጃፓን የተሸጠው የመጀመሪያው ፕሌይስቴሽን፣ በ2001 የወጣው ጌምቦይ አድቫንስ፣ ሁሉም በዚያች ሣጥን ውስጥ በየኢሙሌተራቸው ይነሣሉ። ካርዱን ላፕቶፔ ላይ ሰክቼ ስከፍተው ግን ያየሁት ነገር መሥሪያ ቤት የገባሁ ሰሞን ከተረከብኩት መጋዘን የባሰ ነበር። አንዱ ጌም በአሜሪካ፣ በአውሮፓና በጃፓን ቅጂ ሦስት ቦታ ተቀምጧል፤ የአንዳንዱ ስም በቻይንኛ ነው፤ የአንዳንዱ ስም ጭራሽ የምልክት ክምር ሆኗል፤ የፕሌይስቴሽኑ ጌም ከጌምቦዩ ጋር ተቀላቅሏል፤ ባዶ ፎልደርም አለ። ልጁ የሚጫወተውን አንድ ጌም ለማግኘት ወደታች የሚወስደውን ቁልፍ ተጭኖ ቆጥሬ 40 ሰከንድ ያህል ይጠብቃል።

የንብረት ክፍል ሰው ይህን ሲያይ መጀመሪያ የሚጠይቀው «ይህ ሁሉ የማን ነው?» ብሎ ነው። ከማሽኗ ጋር በሺህ የሚቆጠር ጌም ተጭኖ የመጣው ማንም የባለቤቶቹን ፈቃድ ጠይቆ እንዳልሆነ ግልጽ ነው። ኢሙሌተሩ በራሱ ሕጋዊ ፕሮግራም ነው፤ የጌሙ ቅጂ ግን የሠራው ድርጅት መብት ነው። ስለዚህ የመጀመሪያው ሥራዬ ማስወገድ ሆነ። ልጁን አጠገቤ አስቀምጬ በየስሙ ላይ «ይሄን ተጫውተኸዋል?» እያልኩ ጠየቅሁት፤ «አላውቀውም» ያለውን ሁሉ አጠፋሁ። በሰዓት ተኩል ውስጥ 31 ጌም ቀረን። እውነቱን ለመናገር፣ ከዚያ በኋላ የሠራሁት የማደራጀት ሥራ ሁሉ ተደምሮ የዚህን የሰዓት ተኩል ያህል አልጠቀመም።

ካርዱ አሮጌና ከማሽኗ ጋር የመጣ ስለነበር አዲስ ለመግዛት ወሰንኩ። እዚህ ላይ ስለ ካርድ አንድ ነገር ልበል፤ ብዙ ሰው ነጋዴን በከንቱ ሲያማ ስለምሰማ ነው። 64 ጊጋባይት ተብሎ የተገዛ ካርድ ኮምፒውተር ላይ 59 ምናምን ብሎ ሲታይ «ሰረቁኝ» የሚል አለ። አልሰረቁትም። አምራቹ አንድ ጊጋባይትን በ1 ቢሊዮን ባይት ይቆጥራል፤ ዊንዶውስ ደግሞ በ1,073,741,824 ባይት ይከፍለዋል። ኩንታልን በሁለት ዓይነት ሚዛን እንደ መመዘን ነው፤ ቡናው ያው ቡና ነው። እውነተኛው ስርቆት ሌላ ነው፣ እኔም ላይ ደርሶብኛል። ከዚህ በፊት በርካሽ የገዛሁት ባለ 128 ጊጋባይት ካርድ ውስጡ 8 ጊጋባይት እንኳ የማይሞላ ሆኖ ተገኝቷል። እንዲህ ያለው ካርድ ውስጥ ያለው ተቆጣጣሪ ችፕ ለኮምፒውተሩ በሐሰት «128 ነኝ» እንዲል ተደርጎ ይሠራል፤ ፋይሉ ሲገለበጥ ምንም ስሕተት አያሳይም፣ ስሙም መጠኑም በዝርዝሩ ላይ ይታያል፤ ሲከፈት ግን ውስጡ የለም። በወረቀት ገብቶ በመደርደሪያ ላይ የሌለ ዕቃ ማለት ነው። ስለዚህ አሁን ማንኛውንም ካርድ ስገዛ ኤችቱቴስትደብልዩ በሚባል ነፃ ፕሮግራም ዳር እስከ ዳር ጽፌበት መልሼ አነበዋለሁ። በሰከንድ 12 ሜጋባይት ለሚጽፍ ባለ 64 ካርድ መጻፉ ብቻ ሰዓት ተኩል ይፈጃል፤ የላፕቶፔ ባትሪ ስለሞተ ደግሞ መብራት ባይጠፋ እያልኩ መጸለይ የሥራው አካል ነው።

መብራቱ ጠፋ። የጠፋው ግን በፈተናው ላይ ሳይሆን 31ዱን ጌሞች ወደ አዲሱ ካርድ በመገልበጥ ላይ ሳለሁ ነው። ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድብ ቆየና ድንገት ቤቱ ጨለመ፤ ላፕቶፑም አብሮ ጠፋ። መብራት ሲመለስ ዊንዶውስ ካርዱ ስሕተት አለበት፣ ላስተካክል ብሎ ጠየቀኝ፤ ፈቀድኩለት፤ ካስተካከለ በኋላ «ፋውንድ.000» የሚባል ፎልደር ፈጥሮ በውስጡ «ፋይል0000.ሲኤችኬ» የሚሉ ስም የለሽ ቁርጥራጮች ትቶልኝ ነበር። ባለቤቱ ያልታወቀ ዕቃ ተብሎ ማዕዘን ላይ የሚከመር ነገር በየመጋዘኑ አለ፤ ይህ የእርሱ ዓይነት ነው። ዋናው ቅጂ በአሮጌው ካርድ ላይ ስለነበረ ሁሉንም አጥፍቼ ከመጀመሪያው ጀመርኩ።

ወደ ማደራጀቱ ልግባ። ከቢን ካርድ ጋር የኖረ ሰው የዕቃው መጠሪያና የዕቃው መለያ ቁጥር ሁለት የተለያዩ ነገሮች መሆናቸውን ያውቃል። ቢን ካርድ ማለት በየመደርደሪያው ላይ የሚንጠለጠለው፣ ዕቃው በሞዴል 19 የገባበትን፣ በሞዴል 22 የወጣበትንና ቀሪውን የሚያሳየው ካርድ ነው። አንዱ ሠራተኛ «ስቴፕለር» ያለውን ሌላው «መርፌ መምቻ» ብሎ ሊጠይቅ ይችላል፤ ቁጥሩ አንድ እስከሆነ ድረስ ዕቃው አይጠፋም። ይህን እያወቅሁ፣ ለ14 ዓመታት በየቀኑ እየሠራሁበት፣ ጌሞቹ ላይ ስደርስ ግን ሙሉ በሙሉ ረሳሁት። ስሞቹን ማሳመር ጀመርኩ።

መጀመሪያ ፎልደሮቹን በአማርኛ ሰየምኳቸው። ልጁ አማርኛ ያነባል፤ እንግሊዝኛው ገና ይጎትተዋል፤ ስለዚህ የጌምቦይ አድቫንሱን ፎልደር «ጌምቦይ አድቫንስ» ብዬ በፊደላችን ጻፍኩት። ካርዱን መልሰን ስንሰካ ማሽኗ ያንን ፎልደር ጨርሶ አላየችውም። ለካ ማሽኗ የትኛውን ጌም በየትኛው ኢሙሌተር እንደምታስነሣ የምታውቀው በፎልደሩ ስም ነው፤ የጌምቦይ አድቫንስ ምሕጻር የሆነውን ጂቢኤ የሚለውን ሦስት የላቲን ፊደል ካላገኘች ውስጡ ምን እንዳለ አትመረምርም። የፎልደሩን ስም መልሼ የጌሞቹን ስም ብቻ በአማርኛ ባደርግስ ብዬ ሞከርኩ፤ አሁን ጌሞቹ ታዩ፣ ስማቸው ግን ተራ በተራ የተደረደሩ ባዶ ሣጥኖች ሆነ። ፊደላችን ዩኒኮድ ወደሚባለው፣ ለዓለም ፊደላት ሁሉ የኮምፒውተር ቁጥር ወደሚሰጠው መዝገብ፣ እ.ኤ.አ. በ1999 በወጣው 3.0 ዕትም ከገባ ሩብ ምዕተ ዓመት አልፎታል፤ ካርዱ ላይም ስሙ በትክክል ተጽፏል፤ የጎደለው በማሽኗ ውስጥ ፊደሉን የሚስለው ፎንት ነው። ልጁ ሣጥኖቹን አይቶ «አጎቴ፣ ሁሉንም ጌም አንድ ዓይነት ስም ሰጠኸው» ብሎ ሳቀብኝ።

የፕሌይስቴሽኖቹ ጌሞች ከዚህ የባሱ ሆኑ። ከሲዲ የተገለበጠ ጌም ብዙ ጊዜ ሁለት ፋይል ሆኖ ይመጣል፤ አንዱ ትልቁና ዋናው ቢን፣ ሁለተኛው ጥቂት መስመር ብቻ ያለበት ኪው። የሁለቱንም ስም አሳጥሬ ጌሙን ሳስነሣው ጥቁር ስክሪን ብቻ ሆነ። ኪው ፋይሉን በኖትፓድ ስከፍተው ምክንያቱ ፊት ለፊት ተጽፎ አገኘሁት፤ የመጀመሪያው መስመር የቢን ፋይሉን ስም በትእምርተ ጥቅስ ውስጥ አድርጎ ይጠራል፣ ቀጥሎ ትራክ 01፣ ሞድ 2፣ 2352 ይላል። 2352 አንድ የሲዲ ሴክተር የሚይዘው የባይት ብዛት ነው። እንግዲህ እኔ ቢኑን አዲስ ስም ሳወጣለት ኪው አሁንም የድሮውን ስም እየጠራ ነበር፤ የተጠራውም አቤት የሚል የለም። የወረቀቱን ውስጥ ሳያርሙ መለያውን ከመደርደሪያው ላይ መቀየር ማለት ይኸው ነው። በመጨረሻ የፕሌይስቴሽኖቹን ሁሉ ሲኤችዲ ወደሚባለው፣ ሁለቱን አንድ አድርጎ ወደሚጨምቀው ዓይነት ለወጥኳቸው፤ ቦታም ተረፈ፣ ራስ ምታትም ቀረ። እንደ ፋይናል ፋንታሲ 7 ያሉ በሦስት ዲስክ የወጡ ጌሞች ላይ ደግሞ የሦስቱን ዲስኮች ስም በቅደም ተከተል የሚዘረዝር ኤምስሪዩ የሚባል ትንሽ የጽሑፍ ፋይል ይጨመራል፤ ያለዚያ ዝርዝሩ ላይ አንዱ ጌም ሦስት ጊዜ ይደረደራል፣ ሁለተኛው ዲስክ ሲገባም የመጀመሪያው ላይ የተቀመጠው ሴቭ፣ ማለትም ተጫዋቹ የደረሰበትን የሚይዘው ፋይል፣ ላይገኝ ይችላል። በሳንቲም ከሚሠሩ ትልልቅ የመጫወቻ ቤት ማሽኖች የመጡትን የአርኬድ ጌሞች ዚፕ ፋይል ስም በተመለከተ ምክሬ አጭር ነው፦ አይነካ። ኢሙሌተሩ በአጭሩ ስም ብቻ ነው የሚያውቃቸው።

ሴቭ የሚለውን ቃል ካነሣሁ ዘንድ፣ ነገሩ ለእኔ ለምን ይህን ያህል እንደከበደኝ ለመናገር ወደ ኋላ መመለስ ይኖርብኛል። በልጅነቴ ፈረንጅ አራዳ አካባቢ አንድ ፕሌይስቴሽን ቤት ነበር። አራት ቴሌቪዥን፣ በእጅ ብዛት የተላጡ ጆስቲኮች፣ አንድ ረጅም አግዳሚ ወንበርና ለሁሉም ደንበኛ የሚያገለግል አንድ ሚሞሪ ካርድ። ያኔ ያላወቅሁትን አሁን አውቃለሁ፤ የመጀመሪያው ፕሌይስቴሽን ሚሞሪ ካርድ የሚይዘው 128 ኪሎባይት ብቻ ነው፤ በ8 ኪሎባይት ተከፋፍሎ 16 ብሎክ ይሆናል፣ አንዱ ለማውጫ ስለሚውል ለተጫዋች የሚቀረው 15 ነው። 15 ብሎክ ለአንድ ሰፈር። የእግር ኳስ ሊግ የጀመረ ሰው ብዙውን ይዞበታል፤ ስለዚህ ባለቤቱ ግድግዳው ላይ በለጠፈው ካርቶን የማን ሴቭ መቼ እንደተቀመጠ በእስክርቢቶ ይጽፍ ነበር። ክረምት ላይ ሁለት ወር ያመጣሁት ሊግ አንድ ቀን ስመጣ ጠፍቶ አገኘሁት፤ ካርቶኑ ላይ ስሜ ተሰርዟል። አልተጣላሁም፤ የተጣላሁት ከዓመታት በኋላ በሐሳቤ ነው። ሰውየው ክፉ አልነበረም፤ ሦስት ሳምንት ስላልመጣሁ ትቼው የሄድኩ መስሎት ነው።

የእህቴ ልጅ ላይ ያደረስኩት በደል ደግሞ ከዚያ ይብሳል፤ እኔ ካርቶን እንኳ አልነበረኝም።

ነገሩ የሆነው በሁለተኛው ቅዳሜ ነው። ልጁ ለወራት የተጫወተው ጌም ፖኬሞን ኤመራልድ ነበር፤ በዚህ ጌም ስምንት ባጅ የሚሰጡ ስምንት ኃይለኛ ተጋጣሚዎች አሉ፤ እርሱ ስድስቱን አሸንፏል። ሴቩ በማሽኗ ካርድ ላይ ኤስአርኤም የሚል ኤክስቴንሽን፣ ማለትም ከፋይሉ ስም መጨረሻ ከነጥብ በኋላ የሚመጣ ቅጥያ፣ ይዞ ተቀምጧል። በዚያው ሳምንት ደግሞ በእኔ ላፕቶፕ ላይ ያንኑ ጌም በሌላ ኢሙሌተር ከመጀመሪያው ጀምሮ ለግማሽ ሰዓት ተጫውቶ ነበር፤ ያ ሴቭ ሳቭ የሚል ኤክስቴንሽን አለው። የሁለቱ ይዘት አሠራር አንድ መሆኑን፣ ኤክስቴንሽኑን ብቻ በመቀየር ከአንዱ ወደ አንዱ ማዛወር እንደሚቻል አንብቤ ስለነበር፣ ሁሉንም ሴቭ በአንድ ፎልደር አሰባስባለሁ ብዬ ተነሣሁ። ዊንዶውስ «በዚህ ስም ሌላ ፋይል አለ፤ የትኛው ይቅር?» ሲል ሁለቱን አነጻጸርኩ። መጠናቸው እኩል ነው፣ 128 ኪሎባይት። የአንዱ ቀን ከሦስት ቀን በፊት ነው። የሌላው ጃኑዋሪ 1 ቀን 1980 ይላል። የቆየውን አስወግጄ አዲሱን አስቀረሁ። ንብረት ክፍል የሚሠራ ማንም ሰው እንዲሁ ያደርግ ነበር።

ርካሽ የሆኑት ብዙዎቹ መጫወቻዎች በባትሪ የሚሠራ የውስጥ ሰዓት የላቸውም። በተከፈቱ ቁጥር ጊዜውን ከእ.ኤ.አ. ጃኑዋሪ 1 ቀን 1970 ይጀምራሉ፤ ካርዱ የተዘጋጀበት ፋት32 የሚባለው አደረጃጀት ደግሞ ከ1980 በፊት ያለ ቀን መመዝገብ አይችልም፤ ስለዚህ ማሽኗ የምትጽፈው ፋይል ሁሉ ጃኑዋሪ 1 ቀን 1980 ላይ ተደግፎ ይቀራል። በእኛ አቆጣጠር ታኅሣሥ 22 ቀን 1972 ዓ.ም. ማለት ነው። ልጁ ስድስት ባጅ ያገኘበት፣ በየዕለቱ ከትምህርት ቤት መልስ ሴቭ ያደረገው ሁሉ፣ እርሱም እኔም ባልተወለድንበት በአንድ ታኅሣሥ ቀን ተመዝግቦ ነበር የተቀመጠው። እኔም አሮጌ ነው ብዬ ጣልኩት።

ልጁ ካርዱን አስገብቶ ሲያስነሣው ወዲያው አልጮኸም። «ቀጥል» የሚለውን ተጫነ፤ ባጅ ዜሮ፣ የተጫወተበት ሰዓት 0፡31 የሚል ታየ። አጥፍቶ እንደገና አበራው። ሦስተኛ ጊዜ ሲያበራው ፊቱን አየሁትና ምን እንደሠራሁ ገባኝ። ካርዶቹን ቀያይሬ ሞከርኩ፤ አሮጌው ካርድ ላይ የነበረውን ደግሞ «ሥራው አልቋል» ብዬ ፎርማት አድርጌው ነበር። ልጁ «ይሁን፣ እንደገና እጫወተዋለሁ» አለኝ። ቢቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። እናቱ ልትወስደው ስትመጣ ምንም አልነገራትም።

ያን ሌሊት ካርዱን ፋይል በፋይል ስመረምር ሴቭ ስቴት የሚቀመጥበትን ፎልደር አገኘሁ። ሴቭ ስቴት ከጌሙ ሴቭ ይለያል፤ የጌሙ ሴቭ የጌሙ የራሱ ማስታወሻ ነው፣ ሴቭ ስቴት ግን ኢሙሌተሩ በዚያች ቅጽበት በማሽኑ ማህደረ ትውስታ ላይ ያለውን ሁሉ እንዳለ የሚያነሣው ፎቶግራፍ ነው። አብዛኛውን ጊዜ አልወደውም፤ የኢሙሌተሩ ዓይነት ወይም ቨርዥን ሲቀየር አልከፈትም ሊል ይችላልና። ግን ልጁ አንድ ጊዜ ከባድ ተጋጣሚ ፊት ቆሞ ፈርቶ ኖሮ፣ በአቋራጭ ቁልፍ አንድ ስቴት አንሥቶ ነበር። ጌሙን ሳስነሣው ስቴቱ አይታይም፤ ምክንያቱ አሁን አልጠፋኝም። የጌሙን ፋይል ስም ባለፈው ቅዳሜ «ዩኤስኤ፣ ዩሮፕ» የሚለውን ቅንፍ ቆርጬ አሳጥሬዋለሁ፤ ስቴቱ ግን አሁንም ከነቅንፉ ባለው ስም ጌሙን እየፈለገ ነው። መጀመሪያ የካርዱን ሙሉ ቅጂ ላፕቶፕ ላይ አስቀመጥኩ፤ በዚህ ሁለት ሳምንት ውስጥ በትክክል የሠራሁት የመጀመሪያ ነገር ይህ ይመስለኛል። ከዚያ የጌሙን ስም ወደ ነበረበት መለስኩ፣ ስቴቱን ጫንኩ። አራት ባጅ። ከስድስቱ ሁለቱ ጎድለዋል፤ አራቱ ግን አሉ። ወዲያውኑ ከጌሙ ሜኑ ውስጥ ገብቼ በራሱ መንገድ ሴቭ አደረግሁት፤ ስቴት ብቻ ጭኖ መተው ነገሩን ግማሽ መንገድ ላይ ማቆም ነው።

ከዚያ በኋላ የፋይል ስም መንካት አቆምኩ። የሚያምር ስም ከፈለግን የሚጻፍበት ሌላ ቦታ አለው፤ የማሽኗ ዝርዝር የሚነሣበት ጌምሊስት የሚባል ፋይል ውስጥ ለእያንዳንዱ ጌም የፋይሉ መንገድ በአንድ መስመር፣ በስክሪን የሚታየው መጠሪያ በሌላ መስመር ይጻፋል። መለያ ቁጥርና መግለጫ ማለት ነው፤ ቢን ካርድ። ፊደላችን ያለበትን ፎንት በማሽኗ ፎንት ቦታ ተክቼ፣ 31ዱን መጠሪያዎች ልጁ እየነገረኝ በአማርኛ ጻፍኩ። አንዳንዱን በራሱ ስም አልጠራውም አለ። አንደኛውን የመኪና ውድድር «ባጃጅ» ብሎታል፤ መኪናው ሲታጠፍ ስለሚያጋድል ነው።

ሁሉም ማሽን ግን እንደዚህ በፋይል ስም አይታሰርም። እኔ ከሥራ የመጀመሪያ ዓመታት ጀምሮ ያቆየሁት አንድ ፒኤስፒ፣ በእጅ የሚያዝ ፕሌይስቴሽን፣ አለኝ፤ ይህ ማሽን እ.ኤ.አ. በ2004 መጨረሻ ጃፓን ውስጥ ወጣ፣ ዩኤምዲ የሚባለው ትንሽ ዲስኩም እስከ 1.8 ጊጋባይት ይይዛል። ያሉኝን አራት ዲስኮች በዩኤስቢ ገመድ ወደ ላፕቶፕ ገልብጬ አይኤስኦ የሚባል የዲስኩ ሙሉ ቅጂ ፋይል ሳደርጋቸው፣ ስሙን የፈለግሁትን ባደርገው ሴቩ አይጠፋም፤ እያንዳንዱ ዲስክ በውስጡ አራት ፊደልና አምስት አኃዝ ያለው ኮድ ይዟል፤ ሴቭ የሚቀመጥበት ፎልደርም የሚሰየመው በዚያ ኮድ ነው። በስልክ ላይ የሚሠራው ፒፒኤስኤስፒፒ የተባለው ኢሙሌተርም ይህንኑ ሥርዓት ጠብቋል። ስሙ ሳይሆን ቁጥሩ ይፈርማል። የራሱ ወጥመድ ግን አለው፤ የአውሮፓው ቅጂና የአሜሪካው ቅጂ ለዓይን አንድ ጌም ይሁኑ እንጂ ኮዳቸው ስለሚለይ የአንዱን ሴቭ ሌላው አያውቀውም። ስለዚህ ትርፍ ቅጂ ሲያጠፉ ሴቩ የየትኛው እንደሆነ ሳያዩ ማጥፋት አይገባም።

ሌላው የተማርኩት ነገር ሴቭ ምን ያህል ትንሽ መሆኑን ነው። የጌምቦይ አድቫንስ ጌም እስከ 32 ሜጋባይት ይደርሳል፤ ሴቩ ግን ቢበዛ 128 ኪሎባይት ነው፣ አንዳንዱ ግማሽ ኪሎባይት ብቻ ነው። የ31ዱም ጌሞች ሴቭ ተሰብስቦ አንድ የሞባይል ፎቶ አያክልም። ቀን ከሌሊት የምገለብጠው፣ የምጨምቀው፣ የማስቀምጠው ጊጋባይት ሁሉ ሌላ ቦታ ሊገኝ የሚችል ነገር ነው፤ ልጁ የሠራው ነገር ያለው ግን በእነዚያ ጥቂት ኪሎባይቶች ውስጥ ነው። አሁን በየሳምንቱ ቅዳሜ የሴቭ ፎልደሩን ብቻ በዕለቱ ቀን ሰይሜ ላፕቶፑና አንድ ፍላሽ ላይ አኖራለሁ። ሁለት ደቂቃ አይፈጅም፤ መብራት ቢጠፋም ካርዱ ላይ ምንም ስለማልጽፍ አልደነግጥም።

ማሽኗ ቀን ስለማታውቅ ደግሞ ቀኑን የሚያውቅ ሌላ ነገር አስፈለገ። ለልጁ አንድ ደብተር ገዝቼ እንደ ቢን ካርድ ዓምድ አሰመርኩለት፦ ቀን፣ የጌሙ ስም፣ የደረሰበት፣ ያረጋገጠው ፊርማ። መጀመሪያ ላይ የምቀልድ መስሎት ነበር፤ በሁለተኛው ሳምንት ግን እርሱ ራሱ «የሥራ ምክንያት» የሚል ዓምድ ጨመረበት፣ ሥር ላይም «ሴቭ ያደረግሁት እራት ስለተጠራሁ» የሚል ጽፏል። ባለፈው ሲመጣ ገልጬ አየሁት። የመጨረሻው ረድፍ «ሰኞ፣ ነሐሴ 6፣ ኤመራልድ፣ 5 ባጅ» ይላል፤ ከጎኑ ያለውን የፊርማ ቦታ ባዶ ትቶ በእርሳስ «አጎቴ ካየው በኋላ» ብሎበታል። ማሽኗን ተቀብዬ አበራኋት፤ አምስቱን ባጅ ቆጥሬ ፈረምኩ።